ስልኩን ያስጠፋሁበት ቀን

ጀማሪ ሪፖርተር ሳለሁ አንድ ጡረተኛ መምህር ሞቱ ብዬ ጽፌ ነበር። በማግስቱ ሰውዬው ጋዜጣውን አጥፈው በብብታቸው ይዘው ቢሮአችን ድረስ በእግራቸው መጡ። አለቃዬ ወንበር ስቦ አስቀመጣቸውና እኔን ፊታቸው አቁሞ፣ "በል የጻፍከውን አንብብላቸው" አለኝ። አነበብኩላቸው። ስጨርስ ሰውዬው "የትውልድ ዘመኔንም ተሳስተሃል" ብለውኝ ሄዱ።

ከዚያ ወዲህ ሃያ ሁለት ዓመት ሠርቻለሁ። ሁለት ቦታ ሳልጠይቅ የማንንም ሞት አልጻፍኩም። ባልደረቦቼ ቀዝቃዛ ነህ ይሉኛል፤ አልክድም። የመኪና አደጋም ሆነ የእሳት ቃጠሎ ቦታ ላይ እጄ ሳይንቀጠቀጥ ማስታወሻ እይዛለሁ። መጀመሪያ ምን እንደሆነ፣ መቼ እንደሆነ፣ ማን እንዳየ። ሌላው በኋላ ይደርሳል ብዬ አምን ነበር።

የምተርክላችሁ ባለፈው ክረምት፣ በአንድ ማክሰኞ፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት እስከ ቀትር በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል የሆነውን ነው። ሰዓቶቹ በልምድ በያዝኩት ማስታወሻ ላይ አሉ፤ ገሚሱም በድምፅ ተቀርጿል።

ብሩክን ከልጅነት ጀምሮ አውቀዋለሁ። ጉለሌ ውስጥ አንድ ግቢ ነው ያደግነው፤ ቤታችንን ከቤታቸው የሚለየው አንድ የጭቃ ግድግዳ ነበር። እናቱን እትዬ አስካለን ከእናቴ እኩል እፈራቸው ነበር። ጡረታ ከወጡ በኋላ ፍቼ፣ ልጃቸው ሶስና ዘንድ ሄደው መኖር ጀመሩ። ብሩክ እዚሁ ቀረ። ጳውሎስ አካባቢ፣ ከአንድ ፋርማሲ ጎን፣ ሁለት ሰው ከገባ ሦስተኛው ውጭ የሚቆምባት ጠባብ ሱቅ አለችው። ሥራው የድሮ ጌም ማሽን ማደስ ነው።

ሰው ሁሉ አዲሱን ፕሌስቴሽን ሲገዛ እሱ ሃያ ዓመት ያለፈውን፣ ጥቁሩንና ወፍራሙን ሁለተኛውን ዓይነት ይዞ ቀርቷል። የእነዚያ ማሽኖች ሌዘር ደክሟል፤ ሲዲ አያነቡም። ብሩክ ሆዳቸውን ከፍቶ ከአሮጌ ኮምፒውተር የወጣ ሀርድ ዲስክ ይከትባቸዋል። ሜሞሪ ካርዱ ላይ ደግሞ ማሽኑ ሲበራ ቀድሞ የሚያነበውን ፕሮግራም ይጭናል። ከዚያ በኋላ ማሽኑ ሲዲ አይጠይቅም፤ ጌሞቹን ከሆዱ እያወጣ ያጫውታል። "አሮጌ ማሽን የሚጥል ሰው እናቱንም ይጥላል" የሚል ቀልድ ነበረው፤ ለደንበኛ ሁሉ ይላታል።

የዚያን ቀን እረፍት ላይ ነበርኩ። ሦስት ሰዓት ከአሥር ላይ ስልኬ ጮኸ።

"ዳዊት፣ ተስፉ ነኝ፣ የብሩክ አጎት።"

"ጤና ይስጥልኝ፣ ጋሽ ተስፉ።"

"ብሩክ የት ነው ያለው?"

"ሱቁ ይሆናል። ምነው?"

"ሂድና አብረኸው ሁን። እኔና አክስቱ ብርቄ መኪና ይዘን እንመጣለን። አምስት ሰዓት እንደርሳለን። እስክንመጣ ከእጅህ እንዳይወጣ። ምንም እንዳትነግረው። ብቻውን ከሰማ ያን ሞተር ሳይክሉን አስነስቶ ልብረር ነው የሚለው።"

"እትዬ አስካለ..." አልኩ።

"እሷ ናት" አሉ። ድምፃቸው ተቆረጠ። "አደራህን፣ ዳዊት።"

ስልኩ ተዘጋ።

መርዶ እንዴት እንደሚነገር ሁላችንም እናውቃለን። ለሟች ቅርብ የሆነው ሰው ብቻውን አይሰማም። ዘመድ እስኪሰበሰብ አንድ ሰው አጠገቡ ይመደባል፤ ያ ሰው እንዳልሰማ ሆኖ ያጫውተዋል፣ ያዘገየዋል። እኔም አባቴ የሞተ ቀን አንድ የአክስቴ ልጅ ሙሉ ጠዋት ስለ መኪና መለዋወጫ ሲያወራኝ ቆይቷል። የአጎቱ ስልክ፣ የአክስቱ አብሮ መምጣት፣ "ምንም እንዳትነግረው" ማለታቸው፤ ምንም የጎደለ ነገር አልነበረውም። "ሞተዋል ወይ?" ብሎ መጠየቅ ሁለት ሰከንድ ነበር የሚፈጀው። አልጠየቅኩም። ወንድምን ስለ እህቱ በስልክ እንዲህ ብሎ የሚጠይቅ ሰው አላውቅም። ነውር ነው።

አንድ ነገር እዚህ ላይ ልንገራችሁ፤ አንባቢን ለማስደንገጥ ብዬ ወደ ኋላ አላቆየውም። በዚያ ሰዓት እትዬ አስካለ ፍቼ፣ ሆስፒታል አልጋ ላይ ነበሩ። በሕይወት ነበሩ። ትንፋሽ አጥሯቸው ነበር እንጂ ይናገሩ ነበር። ልጃቸውን እየጠየቁ ነበር።

ከብሩክ ሱቅ አዲሱ ገበያ መናኸሪያ በታክሲ ሩብ ሰዓት ነው። ከዚያ ፍቼ ሁለት ሰዓት ተኩል ቢፈጅ ነው።

ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ ሱቁ በር ላይ ደረስኩ። ይዤው የሄድኩት መላ ቀላል ነበር። ብሩክ ለዓመታት ሲነዘንዘኝ የኖረበት ነገር ነው።

"ብሩኬ፣ ዛሬ ስለ አንተ ልጽፍ ነው" አልኩት።

ከጠረጴዛው ቀና አለ። ግንባሩ ላይ የራስ ባትሪ አስሮ ነበር።

"ሂድ ወዲያ! ስለ ሚኒስትሮች ጨረስክ?"

"ጨረስኩ።"

"ስለ ሲሚንቶስ?"

"እሱንም።"

"እንግዲህ የቀረሁት እኔ ነኛ። ፎቶ አለው? ጸጉሬን ልስተካከል?"

"ድምፅ ነው የምቀዳው። ሥራህን እየሠራህ ታወራለህ፣ እኔ እጠይቃለሁ። ቀኑን ሙሉ አብሬህ ነኝ።"

ደስ አለው። ደስታው ፊቱ ላይ በግልጽ ይታይ ነበር፤ ማስታወሻዬ ላይም "ደስ ብሎታል" ብዬ ጽፌአለሁ። ለምን እንደጻፍኩት አላውቅም። በርጩማ ሰጠኝ። መቅረጫውን ጠረጴዛው ላይ፣ በካቻቢቴዎቹና በወረንጦው መካከል አስቀመጥኩ።

ከዚያ "ስልክህን አጥፋው" አልኩት።

"ለምን?"

"አጠገቡ ስልክ ካለ ቀረጻው ውስጥ ጥዝዝ የሚል ድምፅ ይገባል። ድምፁን መዝጋት አይበቃም፤ ጨርሶ መጥፋት አለበት።"

ይህ እውነት ነው፤ በሥራችን የታወቀ ነገር ነው። ውሸት ስናገር እውነቱን መርጬ መናገሬ ነው።

"ደንበኛ ቢደውልስ?"

"ዛሬ ደንበኛህ እኔ ነኝ።"

"ያንተስ ስልክ?"

"እኔ ጋ ራቅ ብሎ ኪሴ ውስጥ ነው። ከመሥሪያ ቤት ሊደወልልኝ ይችላል።"

"አየህ፣ ባለሥልጣን ከሆንክ ሕግ አይነካህም" አለና እየሳቀ ስልኩን አጠፋው። መሳቢያ ውስጥ ከተተው። ሦስት ሰዓት ከአርባ አምስት ነበር።

ጠረጴዛው ላይ የነበረው ማሽን ክዳኑ ተነስቶ አረንጓዴ ሰሌዳው ይታያል። ከዓመታት በፊት አንድ ሰው የተቀዳ ሲዲ እንዲያነብ ብሎ ትንሽ ቺፕ ለጥፎበት ነበር። ቺፑን ከሰሌዳው ጋር የሚያያይዙት ከጸጉር ጥቂት የሚወፍሩ ሽቦዎች ናቸው። አሁን ብሩክ ሀርድ ዲስክ ሲከትለት ያ አሮጌ ቺፕ መንገድ እየዘጋ ማሽኑን አላስነሳ ብሏል። ስለዚህ ሽቦዎቹን አንድ በአንድ መንቀል አለበት።

"ስንት ናቸው?" አልኩ።

"ሃያ አንድ። አንዱን ስትነቅል ሰሌዳው ላይ ያለችውን የመዳብ ነጥብ አብረህ ካነሳህ ማሽኑ ሞተ። በቃ፣ አበባ መትከያ ነው የሚሆነው። ይሄን የበየደውን ሰውዬ እየው፤ ወይ ጠጥቷል ወይ ፍቅር ይዞታል። እርሳሱን እንደ ንፍጥ ነው ያዝረከረከው።"

የብየዳ ካውያውን አጋለ። ጫፉን ሽቦው ላይ ያሳርፋል፣ እርሳሱ ይቀልጣል፣ በወረንጦ ቀስ ብሎ ያነሳል። ትንፋሹን ይይዛል፤ ሲጨርስ ይተነፍሳል። አንዱ ሽቦ ስምንት ደቂቃ ያህል ይወስዳል። እየጠየቅኩት ነበር። የት እንደተማረው፣ ዕቃውን ከየት እንደሚያገኝ፣ ማን እንደሚገዛው። ጥሩ መልሶች ነበሩ። አንዱን ዛሬም አስታውሰዋለሁ፦ "አዲሱን ማሽን ኔትወርክ ሲጠፋ ማን ይነካዋል? ይሄ ግን ማንንም አይጠብቅም፤ ያለው ሁሉ ሆዱ ውስጥ ነው።"

አራተኛው ሽቦ ላይ የፋርማሲዋ ልጅ አንገቷን አስገባች።

"ብሩኬ፣ ስልክህ ምን ሆነ? ፕሪንተሩ ወረቀት በልቶ እምቢ አለ።"

"ዛሬ አልገኝም። ሬዲዮ ላይ ነኝ።"

"አንተ? ምን ልታወራ?"

"ስለ አንቺ ፕሪንተር።"

"ሲጨርስ ላክልኝ" አለችኝ ወደ እኔ ዞራ፣ ሄደች። ቀረጻው ላይ ሦስታችንም እንስቃለን። የእኔም ሳቅ አለበት። ሰምቼዋለሁ፤ ከሌሎቹ አይለይም።

አምስት ሰዓት አለፈ። ጋሽ ተስፉ አልመጡም።

ብሩክ አሥረኛውን ነቅሎ ወገቡን ዘረጋና፣ "ቆይ እስቲ፣ እማዬን አልደወልኩላትም። ጠዋት ጠዋት ካልደወልኩ ትቀየመኛለች" አለ። እጁ ወደ መሳቢያው ሄደ።

እዚህ ቦታ ቀረጻው ላይ የአምስት ሰከንድ ዝምታ አለ።

"ይህችን ክፍል እንጨርስና" አልኩት። "መሃል ላይ ከተቋረጠ ድምፁ አይገጥምልኝም።"

"ሁለት ደቂቃ ነው እኮ።"

"ስንጨርስ ትደውላለህ። በደንብ ታናግራቸዋለህ።"

"ለአንተ ብዬ ነው" አለ። "ባለፈው ሳምንት ጉንፋን ይዟት ነበር። ስትስል እንኳ የምትቆጣ ነው የምትመስለው።" እጁን መለሰ። አሥራ አንደኛውን ሽቦ ያዘ።

ከኪሴ ንዝረት ተሰማኝ። በሩ ላይ ወጣሁ። ጋሽ ተስፉ ነበሩ፤ ከአቃቂ ተነስተው ገና ከተማውን አላለፉም።

"ጎማ ፈንድቶብን ነው። ጎሚስታ ቤት ነን፣ ሌላ ጎማ እስኪያመጡልን እየጠበቅን። አለ?"

"አለ።"

"አልሰማም አይደል?"

"አልሰማም።"

"ተባረክ። እንዳይደነግጥብን።"

ይህ ሁለተኛው ዕድሌ ነበር። በሩ ላይ ብቻዬን ነበርኩ፣ ብሩክ አይሰማኝም፣ ሰውዬው ስልኩ ላይ ናቸው። ለማንም ባለሥልጣን በተመሳሳይ ሁኔታ አምስት ጥያቄ አቀርብ ነበር። ግን የማውቀውን ነገር ለምን እጠይቃለሁ? ተመልሼ በርጩማዬ ላይ ተቀመጥኩ።

ከሰባት ሰዓት በፊት ሃያ አንደኛው ሽቦ ወጣ። አንድም የመዳብ ነጥብ አልተነሳም። ብሩክ ቺፑን በወረንጦ ይዞ እንደ ተነቀለ ጥርስ አሳየኝ። ሀርድ ዲስኩን ከተተ፣ ሜሞሪ ካርዱን ሰካ፣ ከግድግዳው ቴሌቪዥን ጋር አገናኘው። መጀመሪያ ጥቁር ሆኖ ቆየ። ከዚያ የጌሞቹ ዝርዝር መጣ።

"ተወለደ!" ብሎ ጠረጴዛውን መታ።

"አሁን ልደውል?" አለ ወዲያው።

"አንድ ጨዋታ አሳየኝ" አልኩ። "አንባቢው ሲሠራ ማየት ይፈልጋል።"

የእግር ኳስ ጨዋታ ከፈተ። ብሩክ የተጫዋቾቹን ስም እየለወጠ የሰፈራችንን ቡድን ሠርቶ እንደነበር አላውቅም ነበር። ሁሉም አሉ። የዳቦ ቤቱ ልጅ ክንፍ ላይ ይሮጣል። እኔ ተከላካይ ነኝ።

"አንተ ቀርፋፋ ነህ፣ ፍጥነትህን ዝቅ አድርጌዋለሁ" አለኝ። "ግብ ጠባቂዋን እያት።"

ግብ ጠባቂው ትከሻው ሰፊ፣ ራሰ በራ ሰው ነው። ከስሩ "አስካለ" ይላል።

"እማዬ ናት። ከፍተኛውን ነጥብ ሰጥቻታለሁ። ምንም አታሳልፍም።" እየሳቀ ጆይስቲኩን ሰጠኝ። "ሞክር፣ አግባባት።"

ሁለት ጊዜ መታሁ። ሁለቱንም ያዘች። የተሰማኝን ብነግራችሁ ደስ ይለኝ ነበር፤ ምንም አልተሰማኝም። ጣቶቼ ሲሠሩ አይ ነበር። ቀና ብዬ ሰዓት አየሁ።

"ምን ሆነሃል? ከጠዋት ጀምሮ ሰዓት ታያለህ" አለኝ።

"አርታኢዬ እየጠበቀኝ ነው።"

ስምንት ሰዓት ሊሆን አምስት ደቂቃ ሲቀረው አንዲት ነጭ መኪና ፋርማሲው ፊት ቆመች። ጋሽ ተስፉ ወረዱ። እትዬ ብርቄ ነጠላቸውን እያስተካከሉ ተከተሏቸው። የሚነዳው ጎረቤታቸው ሞተሩን አላጠፋም።

ብሩክ በሩ ላይ ሲያያቸው ጨዋታውን አቆመ። አጎቱን አየ፣ አክስቱን አየ፣ ከዚያ ዞሮ እኔን አየኝ። ቀኑን ሙሉ አጠገቡ የተቀመጥኩትን።

"ሞታለች" አለ።

"ኧረ በስመ አብ! አልሞተችም!" አሉ ጋሽ ተስፉ። "ታማ ነው። ሆስፒታል ገብታለች። ና ተነስ፣ ይዘንህ ልንሄድ ነው።"

"ጋሽዬ፣ አትዋሸኝ።"

"በማርያም! በሕይወት አለች!"

ብሩክ አላመናቸውም። እኔም አላመንኳቸውም። እንዲህ ሲል የሚታመን ዘመድ የለም፤ መቀመጫ እስኪያስይዙህ ሁሉም በማርያም ይምላል። እንዲያውም ደግፌ ልይዘው እጄን ትከሻው ላይ አድርጌ ነበር።

እትዬ ብርቄ ነበሩ የገላገሉን። ተቆጥተው ነበር።

"አንተ ልጅ፣ ስልክህን ምን ነካው? ከጠዋት ጀምሮ እህትህ ጣቷ እስኪነቃ ስትደውል! እኛም አሁን መንገድ ላይ ነው የሰማነው! እናትህ 'አገናኙኝ፣ ድምፁን ልስማ' እያለች!" የራሳቸውን ስልክ ደወሉና ድምፁን ከፍ አድርገው ያዙለት።

የሶስና ድምፅ ሱቋን ሞላት። "ብሩኬ? ብሩኬ፣ የት ጠፍተህ ነው? ጠዋት ትናገር ነበር። አሁን አትናገርም። ቶሎ ና።"

ከኋላዋ የሆስፒታል ድምፅ ይሰማል። የለቅሶ ድምፅ አልነበረም።

እጄን ከትከሻው ላይ አነሳሁ።

ሁላችንም መኪናው ውስጥ ገባን። እኔ ለምን እንደገባሁ የጠየቀኝ የለም። ብሩክ መካከላችን ተቀምጦ ስልኩን አበራ። መልእክቶቹ ተከታትለው ገቡ፤ ተዘግቶ ሳለ የተደወለለትን የሚያስታውቁት። ሶስና፣ ሶስና፣ ሶስና፣ የማላውቀው ቁጥር፣ ሶስና። አሥራ አራት ናቸው። የመጀመሪያው አራት ሰዓት ላይ ነው፤ ሦስቱ አምስት ሰዓት ተኩል አካባቢ ተከታትለው የመጡ ናቸው። እኔን አልወቀሰኝም። ስልኩን ያስጠፋሁት ለቀረጻው ጥዝዝታ ብዬ መስሎት ነበር፤ ያመነው እሱን ነው።

ጋሽ ተስፉ ከፊት ሆነው ወደ እኔ ዞር አሉ። "አምስት ሰዓት ላይ ስደውልልህ ስልኩ ዝግ መሆኑን አልነገርከኝም።"

"አልነገርኩዎትም" አልኩ።

ሱሉልታን አለፍን። ጭጋጉ መንገዱ ላይ ወርዶ ነበር። ጫንጮ ላይ የከባድ መኪና ሰልፍ አጋጠመን። ብሩክ በየአምስት ደቂቃው ሶስናን ይደውላል፤ አንዳንዴ ትይዛለች፣ አንዳንዴ ኔትወርኩ ይጠፋል። "መጣሁ በያት" ይላል። "መጣ በያት፣ ጆሮዋ ላይ።"

ሙከ ጡሪ ልንደርስ ስንል የጋሽ ተስፉ ስልክ ጮኸ። ዘጠኝ ሰዓት ከሃያ አራት ደቂቃ። ጆሮአቸው ላይ አደረጉት። "እሺ" አሉ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ "እሺ" አሉ። ዘጉት። ጭናቸው ላይ ገልብጠው አስቀመጡት።

"ምን አሉ?" አለ ብሩክ።

"ደህና ናት። ኦክስጅኑን ቀየሩላት።"

አንገታቸው ከኋላ ይታየኝ ነበር። እትዬ ብርቄ በነጠላቸው ጫፍ አፋቸውን ያዙ። ገባኝ። ደግሞም ጠዋት ገብቶኝ እንደነበር ትዝ አለኝ፤ ልክ በዚሁ ዓይነት እርግጠኝነት።

ብሩክ "ፍጠንልኝ ወንድሜ" እያለ ነበር ሾፌሩን። አንድ ሰዓት ያህል ይቀረናል። ያን አንድ ሰዓት እየለመነ ሊሄደው ነው።

"ጋሽ ተስፉ" አልኩ። "እትዬ አስካለ አርፈዋል?"

ጋሽ ተስፉ አልዞሩም። መልስ እስካገኝ መጠበቅ ልማዴ ነው፤ ጠበቅኩ።

"ምን ዓይነት ሰው ነህ አንተ?" አሉ በመጨረሻ። ማልቀስ ጀመሩ። እትዬ ብርቄ ጮኹ።

ሾፌሩ ዳር ይዞ ቆመ። ብሩክ በእኔ ላይ ተሻግሮ ወረደ። አላለቀሰም። ከመኪናው አሥር እርምጃ ያህል ርቆ የአንድ ገበሬ ማሳ ዳር ላይ ቆመ፤ ጀርባውን ሰጥቶን። ዝናብ ያካፋ ነበር። ስንት ደቂቃ እንደቆየ አላውቅም። የዚያን ቀን ሰዓቱን ያላየሁበት ጊዜ ያ ብቻ ነው።

ተቀብረዋል። ሠልስቱ ሆነ፣ አርባው ወጣ። ጋሽ ተስፉ ለቅሶ ቤት ውስጥ ሰላምታዬን አልተቀበሉም፤ ያጠፋሁት በመኪናው ውስጥ ያደረግኩት ነው ብለው ያምናሉ። ስለ ጠዋቱ ምንም አያውቁም ነበር። ላስረዳቸው አንድ ጊዜ ሞከርኩ። "እኔ ሞታለች አልኩህ?" አሉኝ። አላሉኝም። በሞተር ሲበር ይጋጫል ብለው ፈሩ፣ ሰው አጠገቡ እንዲሆን ለመኑኝ፤ ያሉኝ ያንኑ ነው። የቀረውን የሞላሁት እኔ ነኝ።

ይህን የምታነቡ ሰዎች፣ መርዶን ስለማስቀረት አልጽፍላችሁም። ለእኔም አባቴ ሲሞት በዚያው ወግ ነው የተነገረኝ፣ ጥሩ ነበር፣ የሚደግፈኝ ሰው ነበር። የምነግራችሁ ስለ እኔ ነው። አሁን እጠይቃለሁ። ከጥቂት ወራት በፊት እህቴ ሥራ ቦታዬ ደውላ "ቶሎ እቤት ና" አለችኝ። "እማማ ሞታለች?" አልኳት። ስልኩን ጆሮዬ ላይ ዘጋችው። እናቴ ደረጃ ላይ ወድቃ እግሯ ዞሮባት ነበር። እህቴ ሁለት ሳምንት አላናገረችኝም፤ "እንዴት አፍህ እሺ አለህ?" ትለኛለች። የማውቃቸው ሰዎች ከዚያ ወዲህ መጥፎ ወሬ ይዘው ወደ እኔ መደወል ይጠላሉ። እንዲያም ሆኖ ይሻለኛል። ከነውር ሌላ የምከፍለው ነገር የለም።

ለብሩክ ግን መናገር ነበረብኝ። ስልኩን ያስጠፋሁት ለቀረጻው ብዬ መሆኑን እንዳመነ ነበር፤ በሥራ ምክንያት የተፈጠረ አጋጣሚ። ባመነው ቢቀር ለሁለታችንም ይቀል ነበር። ከአርባው በኋላ በአንድ ጠዋት ሱቁ ሄድኩ። ሌላ ማሽን ከፍቶ በብሩሽ አቧራውን ያራግፍ ነበር።

"ያን ቀን ስልክህን ያስጠፋሁት ለድምፁ አልነበረም" አልኩት።

ብሩሹን አላቆመም። "ለምን ነበር?"

"ሞተዋል ብዬ ነበር። አጎትህ አብረኸው ሁን ሲሉኝ መርዶ መስሎኝ ነው። እንዳትሰማ ብዬ።"

አሁን አቆመ።

"ጠዋቱን ሙሉ?"

"ጠዋቱን ሙሉ።"

"ልደውልላት ስልም?"

"አዎ።"

"ግብ ላይ ስትመታም?"

"አዎ።"

ብሩሹን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። የተከፈተውን ማሽን ወደ ጎን ገፋ። ተነስቶ ይመታኛል ብዬ ጠበቅኩ፤ ቢመታኝ ትክክል ነበር።

"ለምን አልነገርከኝም?" አለ። ድምፁ ውስጥ ቁጣ አልነበረም፤ ዝም ብሎ መጠየቅ ነበር።

"መርዶ ነው ብዬ። ብቻዬን እንዴት ልንገርህ? ደግሞ ብነግርህም የምነግርህ ውሸት ነበር።"

"ውሸቱንም ብትነግረኝ ኖሮ" አለ ብሩክ፣ "አልቅሼ እነሳ ነበር። ለቀብር ብዬ አዲሱ ገበያ አውቶቡስ እይዝ ነበር። ሰባት ሰዓት ሳይሞላ እደርስ ነበር።"

ሰዓቱን በልቤ አሰላሁት። ልክ ነበር።